«ሐበሺያ» ማን ናት? በልዕልት ሳልሜ ትዝታ ውስጥ ስላሉት ስም የለሽ እናቶች

የዛንዚባሯን ልዕልት ሳልሜን የሚያውቅ አንባቢ የሚያውቃት ባብዛኛው በፍቅር ታሪኳ ነው። የኦማንና የዛንዚባር ገዥ የነበረው የሰይድ ሰዒድ ቢን ሱልጣን ልጅ ናት። በኦገስት 1844 በቤት ኢል ምቶኒ ቤተ መንግሥት ተወለደች (ዘመኖቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ሩዶልፍ ሃይንሪኽ ሩቴ ከሚባል የሐምቡርግ ነጋዴ አርግዛ በ1866 በእንግሊዝ የጦር መርከብ ወደ ኤደን ሸሸች፤ በ1867 እዚያው ተጠምቃ ኤሚሊ ተባለችና ተጋቡ። ሐምቡርግ ገብታ ሦስት ልጆች ከወለደች በኋላ በ1870 ባሏን ፈረስ የሚጎትተው ትራም ገደለባት። በ1886 በርሊን ላይ «የአንዲት ዓረባዊት ልዕልት ትዝታዎች» የተባለውን መጽሐፏን አሳተመች፤ በ1924 የና ከተማ አረፈች። ይህ ሁሉ ተደጋግሞ ተጽፏል፤ እኔም የምጨምርበት የለኝም።

ጠቤ ከሌላ ነገር ጋር ነው። የልዕልቲቱን ጽሑፎች አሰባስቦ በ1993 ላይደን ያሳተመው ሆላንዳዊው ዕመሪ ቫን ዶንዘል ነው። ቫን ዶንዘል የእስልምና ኢንሳይክሎፒዲያ አርታዒ ብቻ አልነበረም፤ የእኛው ጥናት ሰው ነበር። የእጨጌ ዕንባቆምን «አንቀጸ አሚን» ያሳተመውም እሱ ነው። ከየመን ተሻግሮ ክርስቲያን ሆኖ የደብረ ሊባኖስን መንበር የያዘውን ዓረብና፣ ከዛንዚባር ተሻግራ ክርስቲያን ሆና ሐምቡርግ የገባችውን ዓረባዊት ያገናኘ አንድ እጅ ነው፤ ይህ ለብቻው ሌላ መጣጥፍ ይወጣዋል። ሥራው ባለውለታችን ነው። ለመጽሐፉ የሰጠው ርዕስ ግን «በሁለት ዓለማት መካከል ያለች ዓረባዊት ልዕልት» የሚል ነው። ሁለቱ ዓለማት ዓረብና ጀርመን መሆናቸው ነው። ከሌላው ሁሉ ይልቅ አንድ የኢትዮጵያ ጥናት ሊቅ ሁለት ላይ መቁጠሩን ማቆሙ ይገርመኛል። በዚያ ቤተ መንግሥት ውስጥ ሦስተኛ ዓለም ነበረ፤ ደግሞም ማዕዘን ላይ የተጣለ አልነበረም። ከ1870 እስከ 1888 ዛንዚባርን የገዛው የሳልሜ ወንድም ሱልጣን ባርጋሽ እናቱ «ሐበሺያ» ነበረች።

ይህን ሲሰማ የአገራችን ሰው ደስ ይለዋል። «የዛንዚባር ሱልጣን እናት ሐበሻ ነበረች!» ይባልና በነጠላና በጥልፍ ቀሚስ የተዋበች የደገኛ ሴት መልክ ይታሰባል። የዚህ መጣጥፍ ክርክር ይህ መልክ ስሕተት ነው የሚል ነው። «ሐበሺያ» በዛንዚባርና በዓረብ ገበያ የትውልድ ስም አልነበረም፤ የዕቃ ደረጃ ነበር። ስሙን የተሸከሙት ሴቶች በብዛት ዛሬ እኛ ሐበሻ ስንል መጀመሪያ የማናስባቸው ሕዝቦች ልጆች ነበሩ።

ከሳልሜ ከራሷ እንነሣ። ሰይድ ሰዒድ በኦክቶበር 1856 ከማስቀጥ ሲመለስ መርከብ ላይ ሲሞት 36 ልጆችና 75 ቁባቶች እንደተወ ትጽፋለች። ከዋናይቱ ሚስት ከዓዛ ቢንት ሰይፍ አንድም ልጅ አልቀረለትም፤ 36ቱም የቁባት ልጆች ናቸው። ራሷ ሳልሜ የቁባት ልጅ ናት። እናቷ ጂልፊዳን ሰርካሳዊት ነበረች። የእናቷን ታሪክ ልዕልቲቱ በዝርዝር ትነግረናለች፦ አባቷ ገበሬ እንደነበር፣ ወራሪዎች ወላጆቿን ገድለው ልጆቹን በፈረስ እንደወሰዷቸውና እንደለያዩአቸው፣ በሕፃንነቷ ሰይድ ሰዒድ ቤት እንደደረሰች። አገር አለ፣ አባት አለ፣ ወንድምና እኅት አሉ። ወደ ባርጋሽ እናት ስንመጣ ግን የምናገኘው አንድ ቅጽል ብቻ ነው፤ አቢሲኒያዊት። አባት የላትም፣ መንደር የላትም፣ የተማረከችበት ቀን የላትም።

ልብ ያለው አንባቢ «ጂልፊዳን» የሚለውም ስም ሰርካሳዊ እንዳልሆነ ያስተውላል፤ በቱርክኛ የጽጌረዳ ችግኝ ማለት ነው። የመጀመሪያ ስሟን እናቷም ተነጥቃለች። ልዩነቱ ጂልፊዳን ልጇን አጠገቧ አስቀምጣ ታሪኳን መናገሯ፣ ልጅቱም ጽሕፈት መቻሏ ነው። ሳልሜ ያኔ ለሴት ያልተለመደውን መጻፍ በድብቅ ራሷን ያስተማረች ናት፤ የቁርኣንን ፊደል የግመል ትከሻ አጥንት ላይ እየገለበጠች።

አሁን ወደ ዋናው ማስረጃዬ። ሳልሜ ስለ ቤት ኢል ምቶኒ ስትጽፍ በአባቷ ፊት ከዓረብኛ በስተቀር ሌላ ቋንቋ መናገር ክልክል እንደነበር ትነግረናለች። እሱ ፊቱን ሲያዞር ግን ቤቱ ባቢሎን ይሆናል። ዓረብኛው፣ ፋርስኛው፣ ቱርክኛው፣ ሰርካስኛው፣ ሱዋሂሊው፣ ኑብኛውና አቢሲኒያኛው ይደባለቃል። አቢሲኒያኛ! እንዲህ የሚባል ቋንቋ ተፈጥሮ አያውቅም። አማርኛ ይሁን ትግርኛ፣ ኦሮምኛ ይሁን ጉራግኛ ወይም ካፍኛ ልዕልቲቱ አልለየችውም። ኑብኛን ለይታ የሰማች ጆሮ ይህን አልለየችም። በዚያችው በተወለደችበት በ1844 ሙኒክ ውስጥ የካርል ቱቼክ የኦሮምኛ መዝገበ ቃላት ታተመ፤ ለሊቁ ቋንቋውን ያስተማሩት በባርነት ተሸጠው አውሮፓ የደረሱ ወጣቶች ነበሩ። ስለዚህ በ1886 በጀርመንኛ ለጀርመን አንባቢ የሚጻፍ መጽሐፍ «አቢሲኒያኛ» የሚለውን ቃል እንዳለ ያስቀመጠው የጀርመን ሊቃውንት ባለማወቃቸው አይደለም። በሐረሙ ውስጥ ቃሉ ከዚያ በላይ መለየት ስላላስፈለገው ነው።

ይህ መለየት ለምን አላስፈለገም? ምክንያቱ በከፊል ሕጉ ነው። በእስልምና ሕግ ለጌታዋ የወለደች ቁባት አትሸጥም፤ ጌታዋ ሲሞት ነፃ ትወጣለች፤ ልጇም ከሚስት ልጅ እኩል ነፃና ሕጋዊ ወራሽ ነው። ይህ ለልጁ ትልቅ ጸጋ ነው፤ ባርጋሽን ሱልጣን ያደረገውም ይኸው ነው። ለእናቲቱ ግን መጥፊያዋ ሆነ። ልጁ በአባቱ ሙሉ ዓረብ ከሆነ የእናቱ አገር ለምን ይመዘገባል?

ከዚህ ጋር የሚነጻጸር ጉዳይ ከደጃችን አለ። ሳልሜ በተወለደችበት በዚያው በኦገስት 1844 አንጎለላ ላይ ሌላ የቤተ መንግሥት ልጅ ተወልዶ ነበር፤ ምኒልክ። የእሱም እናት በትውፊት በሸዋ ቤተ መንግሥት ያገለገለች፣ ከዝቅተኛ ወገን የመጣች እንደነበረች ይነገራል። ይሁንና ስሟ አልጠፋም፤ እጅጋየሁ ትባላለች፤ ልጅ የሆነ ሁሉ ያውቃታል። ወሬውን ሐሜት ያደረገው፣ ሐሜቱንም ያቆየው የእናት ስም በእኛ ዘንድ ክብደት ስላለው ነው። ዛንዚባር ውስጥ የሚታማ እንኳ አልነበረም።

ይህን ንጽጽር ያነሣሁት ግን ሸዋን ለማመስገን አይደለም። ከአንጎለላ ብዙም ሳይርቅ፣ ከአንኮበር ግርጌ፣ በአልዩ አምባ አጠገብ የዓብዱል ረሱል የባሪያ ገበያ ይቆም ነበር፤ ከሚሸጠውም ንጉሥ ሣህለ ሥላሴ ቀረጥ ይቀበል ነበር። መርዶኻይ አቢር በ1968 በታተመው የዘመነ መሳፍንት መጽሐፉ የነጋዴዎቹን መንገድ በሚገባ አሳይቷል። ከጊቤ አገሮች፣ በተለይ ከሊሙ እናርያ ሳቃ፣ አንዱ መስመር በጎጃም ባሶ አድርጎ ወደ ጎንደር፣ መተማና ምጽዋ ይሄዳል፤ ሌላው በሸዋ በኩል በሮጌና በዓብዱል ረሱል ወደ ታጁራ ይወርዳል። ከዚያ ባሕሩ ነው፤ ሞካ፣ ሁዴይዳ፣ ጅዳ። የሚነዱት በብዛት የኦሮሞ፣ የጉራጌ፣ የሲዳማና የካፋ ልጆች ነበሩ። ባሕሩን ሲሻገሩ ሁሉም አንድ ስም ያገኛሉ፤ ሐበሺ፣ ሐበሺያ። በዋጋ ከሰርካሳውያን በታች፣ «ዘንጅ» ከሚባሉት የምሥራቅ አፍሪካ ጥቁሮች በላይ። ነገሩን በግልጽ ለመናገር፣ ቀረጥ ተቀባዩ ሐበሻ ነበር፤ የተሸጠችው ግን «ሐበሺያ» የሆነችው ከተሸጠች በኋላ ነው።

ይህ ለዛንዚባር ብቻ የተለየ አይደለም። የጀርመኑ ልዑል ፑክለር ሙስካው ካይሮ ላይ ገዝቶ ወደ አገሩ የወሰዳት፣ በ1840 ሙስካው ላይ የሞተችው ማህቡባ በአውሮፓ ወሬ ሁሉ «አቢሲኒያዊት» ነበረች፤ እሷ ግን ኦሮሞ ነበረች። እዚህ ላይ የተቃውሞ ድምፅ እሰማለሁ፤ በዘመነ መሳፍንት ጦርነት የተማረኩ አማሮችና ትግሬዎችም ተሸጠዋል የሚል። ተሸጠዋል። ነገር ግን ጥቂቱን የብዙው መልክ ማድረግ የሚፈልግ ማስረጃውን እሱ ያምጣ።

ከሁሉ የሚከብደው ማስረጃ የመጣው ባርጋሽ በሞተበት ዓመት ነው። በሴፕቴምበር 1888 ኦስፕሬይ የተባለች የእንግሊዝ የጦር መርከብ ወደ ዓረብ ጠረፍ የሚሻገሩ ጀልባዎችን ይዛ 204 ኦሮሞዎችን ነፃ አወጣች፤ አብዛኞቹ ልጆች ነበሩ። ከእነሱ 64ቱ በ1890 ደቡብ አፍሪካ ወደሚገኘው የላቭዴል ትምህርት ቤት ተላኩ። ልጆቹ በየተራ ተጠየቁ፤ አባትሽ ማን ይባላል? ከየት መንደር ነሽ? ማን ሸጠሽ? በስንት እጅ አለፍሽ? መልሱ ተጻፈ። ሳንድራ ሮዎልት ሼል በ2018 ያሳተመችው መጽሐፍ የቆመው በዚህ መዝገብ ላይ ነው። ከልጆቹ አንዷ ቢሾ ጃርሳ ነበረች፤ ከማንዴላ ጋር ሮበን ደሴት ታስሮ የነበረው የኔቪል አሌክሳንደር አያት። መርከቧ ባትይዛቸው ኖሮ እነዚህ ልጆች በዚያው ወር «ሐበሺያ» ሆነው ይቀሩ ነበር። በባርጋሽ ልደትና በዚህ መዝገብ መካከል ግማሽ ምዕተ ዓመት እንዳለ አውቃለሁ። ግን በ1840ዎቹ መጀመሪያ አውሮፓውያኑ ተጓዦች ቻርልስ ቢክ ባሶ ላይ፣ አንቷን ዳባዲ እናርያ ላይ ያዩት ንግድ መነሻው ያው ነው፤ መንገዱም ያው ነው።

እዚህ ላይ ከመጣጥፍ ወግ ትንሽ ልውጣ። የምኖረው ንፋስ ስልክ ላፍቶ፣ ሳሪስ አካባቢ ነው። ቤይሩት ለዓመታት ሰው ቤት ሠርታ የተመለሰች ጎረቤት አለችኝ፤ የሐዲያ ልጅ ናት። ስለዚህ ጽሑፍ ባወራኋት ጊዜ «ጋሼ፣ እኔ ሐበሻ የሆንኩት እኮ ቤይሩት ገብቼ ነው» አለችኝ። አሠሪዋ እንግዳ ሲመጣ በስሟ ጠርታት አታውቅም፤ ሐበሺያዋ ቡና ታምጣ ነው የምትለው። ሳልሜም በኋለኛ ዘመኗ ቤይሩት ለዓመታት መኖሯን ብነግራት ብዙም አልደነቃት። እኔ ግን የአቢርን ካርታ ያን ያህል ሕያው አድርጎ ያሳየኝ ሌላ ምንጭ የለም።

ወደ ሳልሜ ስንመለስ፣ ልዕልቲቱን ልብ የለሽ አድርጌ እንዳልሥላት እጠነቀቃለሁ። በሐረሙ ውስጥ ያለውን የቀለም ደረጃ አልደበቀችም። ሰርካሳውያኑ ከቡናማዎቹ ሐበሺያዎች ጋር ማዕድ እንደማይቀርቡ፣ እያንዳንዱ ወገን ሳይባባል ለየብቻው እንደሚበላ ጽፋለች። የሐበሺያ ልጆችም አጸፋውን ይመልሳሉ፤ ሰማያዊ ዓይን ያላቸውን የሰርካሳዊት ልጆች «ድመቶች» እያሉ ይጠሯቸው፣ «ክብርት» እያሉ ያላግጡባቸው ነበር። ሳልሜ ይህን የምትነግረን የቅናት ምልክት አድርጋ ነው። እኔ ስም የተቀማ ልጅ መልሶ ለሌላው ስም የማውጣት ብልጠት አድርጌ አነብበዋለሁ። እናቶቻቸው ከነስማቸው የተሰረዙባቸው ልጆች ያላቸው መሣሪያ ይኸው ቅጽል ነበር።

ያም ሆኖ ከወንድሞቿ ሁሉ ልዕልቲቱ የተሰለፈችው ከሐበሺያዋ ልጅ ጋር ነው። በ1859 ባርጋሽ በወንድሙ በሱልጣን ማጂድ ላይ ሲያምፅ የ15 ዓመቷ ሳልሜ የአድማው ጸሐፊ ሆነች፤ ከእኅቷ ከኸውላ ጋር። አመፁን የእንግሊዝ ባሕር ኃይል አከሸፈው፤ ባርጋሽ ቦምቤይ ተሰደደ። በ1885 ከጀርመን መርከቦች ጋር ወደ ዛንዚባር ስትመለስ ሱልጣኑ ባርጋሽ አልተቀበላትም፤ ርስቷንም አልሰጣትም። በ1873 የዛንዚባርን የባሪያ ገበያ በእንግሊዝ ግፊት የዘጋው ያ የተሸጠች ሴት ልጅ ነው፤ ባርነትን በመጽሐፏ አንድ ሙሉ ምዕራፍ ሰጥታ የተከላከለችው ደግሞ የተሸጠች ሴት ልጅ ናት። ሐምቡርግ በ2019 በስሟ የሰየመውን አደባባይ መልሶ የነጠቃት በዚህ ምዕራፍ ምክንያት ነው። ክርክሩ ስለ ልዕልቲቱ ብቻ ሆነ፤ አሁንም ስለ እነዚያ ሴቶች የጠየቀ የለም።

የላቭዴል ልጆች ስማቸውን የተጠየቁት ነፃ ስለወጡ ነው። ባሪያ ከየት መጣሽ የምትባለው ከደጃፉ ስትወጣ ነው፤ ውስጥ ሳለች ጠያቂ የላትም። በዛንዚባር የባርነት ሕጋዊ ዕውቅና በ1897 ሲሻር ቁባቶች ከአዋጁ ውጭ ተደረጉ፤ እንደ ሚስት ይቆጠሩ ተባለ። ያ ደጃፍ ለእነሱ የተከፈተው በ1909 ነው።