በካፓሲተር ውስጥ ጅረት ቮልቴጅን የሚቀድምበት ምክንያትና ታሪኩ

እ.ኤ.አ. በ1745 ክላይስት በፖሜራኒያ፣ በ1746 ሙሸንብሩክ በላይደን፣ የኤሌክትሪክ ሙል በብርጭቆ ዕቃ ሊጠራቀም እንደሚችል ለየብቻቸው ደረሱበት። ዛሬ ካፓሲተር የምንለው መሣሪያ መነሻው ይኸው ዕቃ ነው።

ሙል ሳይጠራቀም ቮልቴጅ አይፈጠርም፤ ሙልን የሚያመጣው ደግሞ ጅረት ነው። ስለሆነም በተለዋዋጭ ጅረት ጊዜ ቮልቴጁ በዜሮ ሲያልፍ ለውጡ እጅግ ፈጣን በመሆኑ ጅረቱ ከፍተኛ ይሆናል፤ ቮልቴጁ ከጫፍ ሲደርስ ለውጡ ለቅጽበት ስለሚቆም ጅረቱ ዜሮ ይሆናል። ጅረቱ ቮልቴጁን በሩብ ዑደት ማለትም በ90 ዲግሪ መቅደሙ ከዚህ የተነሣ ነው።

ስታይንሜትዝ ይህን የሚያሰላ የውስብስብ ቁጥሮች ስልት በ1893 በቺካጎ ጉባኤ አቀረበ። ስሌቱ ከዕቃው በ150 ዓመት ያህል ዘግይቷል። ከቀመር የሚጀምር ትምህርት ቁጥሩን ያስሸመድዳል እንጂ ምክንያቱን አያስጨብጥም፤ ስለዚህ መጽሐፉም ሆነ መምህሩ ከሙል መጠራቀም ተነሥተው ወደ ቀመሩ ሊደርሱ ይገባል።