የደም ካሳ፤ ከሽማግሌዎች ዕርቅ እስከ መድን አዋጅ

መንገድ የሥልጣኔ በር እንደ ሆነ ሁሉ፣ አንዳንድ ጊዜ የሐዘንም በር ይሆናል። ለዚህም የፎገራዋ ከተማ ወረታ ምስክር ናት። ከባሕር ዳር ወደ ጎንደር የሚያልፈው አውራ ጎዳና ወደ ደብረ ታቦርና ወደ ወልድያ ከሚወስደው መንገድ ጋር የሚገናኘው በዚህች ከተማ ነው። ርብና ጉማራ በሚያጠጡት ሜዳ ላይ ገበሬው ከብቱን እየነዳ፣ ሩዙን ጭኖ ወደ ገበያ ሲሄድ፣ የጭነት መኪናውና አውቶቡሱ በአጠገቡ ይከንፋሉ። ከእነዚህ አንዱ ሰው ገጭቶ የገደለ እንደ ሆነ ለሟች ቤተ ሰብ የሚገባው ምንድር ነው? ከፋዩስ ማን ነው? ለዚህ መልስ ለማግኘት የአገራችንን የካሳ ታሪክ መመርመር ይገባናል።

በቀድሞ ዘመን የነፍስ ነገር ከሁሉ አስቀድሞ የሟች ዘመዶች ጉዳይ ነበር። የተፈረደበት ገዳይ ለደም መላሾቹ ይሰጣል፤ እነርሱም ወይ በሞት ይበቀሉታል፣ ወይ የደም ዋጋ ተቀብለው ይምሩታል። ፍትሐ ነገሥትም አስቦ የገደለውንና ሳያስብ የገደለውን ለይቶ ይመለከት ነበር። ሽማግሌዎች በመካከል ገብተው ደም ለማድረቅ ይደክማሉ። በዚህ ልማድ ታላቅ ጥበብ ነበረበት፤ ገንዘቡ ብቻውን አይመጣም፣ ዕርቅን ይዞ ይመጣል እንጂ። ነገር ግን ጉድለትም አላጣውም፤ የካሳው ልክ በወገን ብርታት የሚወሰን ከሆነ፣ ወገን የሌላት መበለት ድምፅዋ አይሰማም።

በ1900 ዓ. ም. የመጀመሪያው ኦቶሞቢል ለዳግማዊ ምኒልክ አዲስ አበባ ሲገባ፣ ከእርሱ ጋር አዲስ የሞት ዐይነት መጣ፤ ገዳዩም ሟቹም የማይተዋወቁበት፣ ቂምም የሌለበት ሞት። ለዚህ የሚስማማ ሥርዐት በሰፊው የተደነገገው በ1952 ዓ. ም. በታወጀው የፍትሐ ብሔር ሕግ ነው። ፈረንሳዊው የሕግ ሊቅ ሬኔ ዳቪድ ያረቀቀው ይህ ሕግ፣ በአንቀጽ 2081 የመኪና ባለቤት ጥፋት ባይኖርበትም እንኳ መኪናው ላደረሰው ጉዳት ኀላፊ እንዲሆን ያዛል። አንቀጽ 2095 ደግሞ ለሟች ባል ወይም ሚስት፣ ለወላጆችና ለልጆች የመተዳደሪያ ካሳ የመጠየቅ መብት ሰጠ። የኅሊና ጉዳት ካሳ ግን ከ1,000 ብር እንዳያልፍ በአንቀጽ 2116 ተወሰነ። ብር ከዚያ ወዲህ ምን ያህል እንደ ረከሰ የሚያውቅ ሰው፣ ይህ ልክ ዛሬ ሐዘንን ምን ያህል እንደሚያጽናና አያጣውም።

ሆኖም ባለ መኪናው ድኻ የሆነ፣ ወይም ገጭቶ ያመለጠ እንደ ሆነ መብት ባዶ ስልቻ ነው። እንግሊዝ ይህን ተረድታ በ1930 እ. ኤ. አ. ለሦስተኛ ወገን መድን መግባትን በሕግ አስገደደች። በአገራችንም ይኸው ግዴታ በአዋጅ ቁጥር 559/2000 ተደነገገ፤ በኋላም በአዋጅ ቁጥር 799/2005 ተተካ። በእነዚህ አዋጆች ለአንድ ሰው ሞት የሚከፈለው ከ5,000 ብር የማያንስ፣ ከ40,000 ብር የማይበልጥ ሆኖ ተወስኖ ነበር። ገጪው ላልታወቀና መድን በሌለው መኪና ለተጎዳ ሰው የሚደርስ የመድን ፈንድም ተቋቋመ። ይህ ታላቅ እርምጃ ነው፤ በቀድሞው ዘመን የገዳይ ወገን ይሸከመው የነበረውን ዕዳ፣ ባለ መኪናዎች ሁሉ በየዓመቱ በሚያዋጡት ገንዘብ ተካፍለው ይሸከሙታልና።

እንግዲህ ከአሮጌው ሥርዐት ዕርቁን፣ ከአዲሱ መብቱን መያዝ ይገባናል። ሽማግሌ ያወረደው ዕርቅ ልብን ያሳርፋል፤ ነገር ግን የቀብር ወጪ ተቀብሎ መታረቅ የሕፃናቱን የነገ ቀለብ ያስቀረ እንደ ሆነ፣ ዕርቁ ራሱ ሌላ በደል ይሆናል። ደግሞም በፍትሐ ብሔር ሕግ አንቀጽ 2143 መሠረት የካሳ ክስ ጉዳቱ ከደረሰበት ቀን ጀምሮ በሁለት ዓመት ውስጥ ካልቀረበ ይቀራል፤ የሐዘን ዓመት ደግሞ ሳይታወቅ ያልፋል። ስለዚህ በፎገራ ሜዳም ሆነ በሌላው አገር፣ መምህሩም ሆነ የመንግሥት ሠራተኛው ይህን ቀነ ገደብ ከለቅሶው ቤት በጊዜ ቢያደርስ፣ ላዘኑት ከሚደረገው ማጽናናት ሁሉ የሚጠቅመውን አደረገ ማለት ነው።