በታክሲ ውስጥ የተለማመዱት ኪቦርዲስት



በዚህ እትም የምናነበው የአንድ ኪቦርድ ተጫዋች ታሪክ ነው። ኃይሉ መርጊያ ይባላሉ። ዘማሪ አይደሉም። ወጣትነታቸውን ያሳለፉት በሆቴልና በምሽት ክበብ መድረክ ላይ ነው፤ ከዚያም ለብዙ ዓመታት ታክሲ ነድተዋል። «ታዲያ የእርሳቸው ታሪክ ለቤተ ክርስቲያን ወጣት ምን ያደርጋል?» ብላችሁ ብትጠይቁ ጥያቄያችሁ ተገቢ ነው። ስለዚህ ከታሪኩ በፊት እርሱን እንመልስ።

ዩባልና ዳዊት

ዘፍጥረት ምዕራፍ 4 ላይ የመሣሪያ ተጫዋቾች አባት ተብሎ የተጠራው ዩባል ነው። ዩባል ከማን ዘር ነው? ከቃየል። መጽሐፍ ቅዱሳችን ይህን አልደበቀም። ዳዊትም «ይህ የቃየል ልጆች ነገር ነው» ብሎ በገናውን አልጣለም፤ በበገናው እግዚአብሔርን አመለከበት። ሰሎሞንም ቤተ መቅደሱን ሲያሠራ የናስ ሥራ የሚያውቀውን ኪራምን ያስመጣው ከጢሮስ ነው (1ኛ ነገሥት 7)።

ከሰው ሙያ መማርና የሰውን አኗኗር መከተል አንድ አይደሉም። አቶ ኃይሉን የእምነት አርአያ አድርጌ አላቀርብላችሁም። የሙያቸውን ታሪክ ግን በተለይ ኪቦርድ የምትጫወቱ ወጣቶች ብታውቁት ትጠቀማላችሁ ብዬ አምናለሁ።

ከአኮርዲዮን እስከ ሂልተን

አቶ ኃይሉ በ1946 ደብረ ብርሃን ተወለዱ (በዚህ ጽሑፍ ውስጥ ያሉት ዓመታት ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው)። በአሥር ዓመታቸው ወደ አዲስ አበባ መጡ፤ በ14 ዓመታቸውም አኮርዲዮን በራሳቸው ይለማመዱ ጀመር። ኖታ ማንበብና መጻፍ የተማሩት በጦር ሠራዊቱ የሙዚቃ ክፍል ነው። ከዚያ ወጥተው በአዲስ አበባ ክበቦች ውስጥ አኮርዲዮንና ኦርጋን እየተጫወቱ ኑሯቸውን ጀመሩ።

በዚያ ዘመን ትልልቆቹ ኦርኬስትራዎች የክብር ዘበኛ፣ የፖሊስ፣ የጦር ሠራዊትና የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር ነበሩ። መሣሪያውም ደመወዙም የመሥሪያ ቤቱ ነው። በግል ክበቦችም ቢሆን መሣሪያው የክበቡ ባለቤት ስለነበረ፣ ተጫዋቹ ከክበቡ ሲወጣ ባዶ እጁን ነው የሚወጣው። በ1970ዎቹ መጀመሪያ አቶ ኃይሉና ጓደኞቻቸው «ዋሊያስ ባንድ»ን ሲያቋቁሙ ግን በራሳቸው መሣሪያ የሚሠራ፣ ለማንም ክበብ ያልታሰረ ባንድ ለመሆን ወሰኑ። ሥራቸውንም በአዲስ አበባ ሂልተን ሆቴል አገኙ፤ አሥር ዓመት ያህልም እዚያ ተጫወቱ።

በ1977 ባንዱ «ቼ በለው» የተባለውን አልበም አወጣ። ድምፃዊ የሌለበት፣ ዜማው ሁሉ በመሣሪያ የሚሰማበት አልበም ነው። «ሙዚቃዊ ስልት» የተባለው፣ ዛሬ በየአገሩ ያሉ ባንዶች የሚጫወቱት ሥራ የሚገኘው በዚሁ አልበም ላይ ሲሆን፣ ደራሲው የባንዱ ፒያኖ ተጫዋች ግርማ በየነ ናቸው። በዚሁ አልበም ላይ ሙላቱ አስታጥቄም በቫይብራፎን ተሳትፈዋል።

ዘመኑ የደርግ ዘመን ነበር። የሰዓት እላፊ ስለታወጀ፣ ማታ ሂልተን የገባ ታዳሚ እስኪነጋ መውጣት አይችልም፤ ባንዱም ሌሊቱን ሙሉ ይጫወታል። በእነዚያው ዓመታት የእኛ አባቶችና እናቶች ምን ላይ እንደነበሩ ታውቃላችሁ። ብዙ የወንጌል አማኞች አብያተ ክርስቲያናት ተዘግተው ነበር። ዘማሪ ተስፋዬ ጋቢሶ ሰባት ዓመት ታስረዋል። መዝሙሮች በካሴት እየተቀዱ ከእጅ ወደ እጅ ያልፉ ነበር። ካሴት ማለት ለሁለቱም ወገን ያው አንድ ዕቃ ነበር፤ ትንሽ፣ ርካሽ፣ በኪስ የሚደበቅ። ይህን ያዙልኝ፤ ወደ ኋላ እንመለስበታለን።

አሜሪካ

በ1981 ዋሊያስ ባንድ ትርዒት ለማቅረብ ወደ አሜሪካ ተጓዘ። ጉዞው ሲያልቅ ከባንዱ አባላት ከፊሎቹ ወደ አገራቸው ተመለሱ። ኃይሉ መርጊያ፣ ግርማ በየነ፣ ሞገስ ሀብቴና መላከ ገብሬ ግን እዚያው ቀሩ፤ ባንዱም በዚሁ ተበተነ።

አቶ ኃይሉ በዋሽንግተን ዲሲ ከሞገስና ከመላከ ጋር «ዙላ ባንድ»ን መሥርተው ለስደተኛው ማኅበረሰብ ይጫወቱ ነበር። በሆዋርድ ዩኒቨርሲቲም ሙዚቃ ተምረዋል። በ1985 ደግሞ በአንድ ትንሽ ስቱዲዮ ውስጥ ብቻቸውን አንድ ካሴት ሠሩ። በልጅነታቸው የያዙትን፣ ኦርጋን መጥቶ ከመድረክ ያስወረደውን አኮርዲዮን እንደገና አነሡ። በላዩ ላይ የሮድስ ኤሌክትሪክ ፒያኖ፣ የሙግ ሲንተሳይዘርና የያማሃ ዲኤክስ 7 ኪቦርድ፣ ከሥሩም የከበሮ ምት ማሽን እየጨመሩ፣ አንዱን ቀድተው በአንዱ ላይ እየደረቡ ጨረሱት። ካሴቱ ወደ ኢትዮጵያ ገብቶ ተሸጠ። ከዜማዎቹ አንዱ «ሸሞንሟናዬ» ነው፤ ሌላው ደግሞ የእኛው «አምባሰል» ነው።

ከዚያ በኋላ ነገሩ እየቀዘቀዘ ሄደ። ዙላ ባንድ በ1990ዎቹ መጀመሪያ ላይ ተበተነ። የከፈቱት ክበብም ተዘጋ። ከ1998 ጀምሮ አቶ ኃይሉ በዋሽንግተን አቅራቢያ ባለው የደለስ አውሮፕላን ማረፊያ የታክሲ ሾፌር ሆኑ። አንድ ነገር ግን አልተዉም። በባትሪ የሚሠራ ኪቦርድ በመኪናው የኋላ ዕቃ መጫኛ ውስጥ ይዘው ይዞራሉ። ተሳፋሪያቸውን አድርሰው ተራ ሲጠብቁ ኪቦርዱን ያወጡና ታክሲው ውስጥ ተቀምጠው ይለማመዳሉ። የሚሰማቸው ተመልካች የለም፤ የተቀጠረ መድረክም የለም።

ባሕር ዳር የተገኘው ካሴት

ከዓመታት በኋላ ብራያን ሺምኮዊትዝ የተባለ፣ የአፍሪካ ካሴቶችን እየፈለገ የሚያሳትም አሜሪካዊ ወደ ኢትዮጵያ መጣ። ያንን የ1985 ካሴት ያገኘው ባሕር ዳር ነው። ሰውየውን አፈላልጎ በስልክ አገኛቸው፤ ተስማሙና ካሴቱ በ2013 እንደገና ታተመ። በ1978 ከዳህላክ ባንድ ጋር የሠሩት «ወደ ሐረር ጉዞ» ተከተለ። በስልሳዎቹ መጨረሻ ዕድሜያቸው ላይ የነበሩት ሾፌር እንደገና መድረክ ላይ ወጡ፤ በአውሮፓና በአሜሪካም ተጫወቱ። በ2018 «ላላ በሉ»፣ በ2020 «የኔ ምርጫ» የተባሉ አዳዲስ አልበሞችን አወጡ።

ስልኩ ሲደወልላቸው ጣቶቻቸው ዝግጁ ነበሩ። ቀድሞ የሠሩትን በማሳተም ብቻ መወሰን ይችሉ ነበር፤ ነገር ግን አዲስ ሥራ መሥራት የቻሉት በታክሲው ውስጥ ስላላቋረጡ ነው።

የሁለቱ ጓደኞቻቸውም ነገር ከዚሁ ጋር ይታያል። ግርማ በየነ በአሜሪካ ከሙዚቃ ርቀው በነዳጅ ማደያ ውስጥ ሠርተዋል። ወደ አገራቸው ተመልሰው ከቆዩ በኋላ፣ በ2017 ከአንድ የፈረንሳይ ባንድ ጋር አዲስ አልበም አሳተሙ። የጂማው ተወላጅ ሙላቱ አስታጥቄ ደግሞ በ2005 ከአዲስ አበባ እጅግ ርቆ ተሰሙ። የፊልም ዳይሬክተሩ ጂም ጃርሙሽ ከዓመታት በፊት የተቀዱ ሥራዎቻቸውን በአንድ ፊልሙ ውስጥ ስለተጠቀመባቸው፣ ስለ አገራችን ምንም የማያውቅ ተመልካች በሲኒማ ቤት ተቀምጦ የኢትዮጵያን ቅኝት ሰማ።

አምባሰልን በኪቦርድ

ከሐይቅ ወደ ውጫሌ መንገድ የምትመላለሱ፣ ያ አገር ስሙን ለአንድ ቅኝት እንደሰጠ ልብ ብላችሁ ታውቃላችሁ? ከአራቱ ዋና ዋና ቅኝቶች፣ ማለትም ከትዝታ፣ ከባቲ፣ ከአምባሰልና ከአንቺ ሆዬ፣ ሁለቱ የተጠሩት በወሎ ቦታዎች ስም ነው። አምባሰልን በዘፈን ማሪቱ ለገሰ ለአገር ሁሉ አሰምታዋለች። በየጉባኤያችን የምንዘምራቸው ብዙ የልመናና የንስሐ መዝሙሮችም ከእነዚህ ቅኝቶች የተቀዱ ናቸው።

ኪቦርድ የምትጫወቱ ይህን ሞክሩት። ከዶ ተነሡ፤ ዶ፣ ሬ ቢሞል፣ ፋ፣ ሶል፣ ላ ቢሞል። አምባሰል እነዚህ አምስት ድምፆች ናቸው። አሁን በግራ እጃችሁ የተለመደውን የዶ ሜጀር ኮርድ ያዙ። ኮርዱ ውስጥ ሚ አለ፤ አምባሰል ውስጥ ግን ሚ የለም። ዜማው የተረበሸ የሚመስላችሁ ለዚህ ነው። ከአምስቱ ድምፆች ሳትወጡ የምታገኟቸው ባለ ሦስት ድምፅ ኮርዶች ሁለት ብቻ ናቸው፤ ፋ ማይነርና ሬ ቢሞል ሜጀር። ከእነርሱ ሌላ ዶንና ሶልን ብቻ አብሮ መያዝ ይቻላል።

ዛሬ ብዙዎቻችን ከኪቦርዱ ጋር የመጣውን «ስታይል» ከፍተን በአንድ ጣት ኮርድ እንይዛለን። ማሽኑ የተሠራው ለሌላ አገር ዜማ ስለሆነ ሁሉንም መዝሙር ወደዚያው ይጎትተዋል። አቶ ኃይሉም ማሽን ተጠቅመዋል፤ የከበሮው ምት ከማሽን ነው። ዜማውን ግን ለማሽኑ አልሰጡም። ሙግ ሲንተሳይዘር ላይ የሚሰማው የአገር ቤት ዜማ ነው። ለጌታ የምናቀርበው ምስጋና ያደግንበትን ቋንቋና ያደግንበትን ዜማ ቢለብስ ምን ይጎዳናል?

ካሴቱ ባይገኝስ?

አሁን ወደ ዋናው ነገር ልምጣ። ይህን ታሪክ «ታገሡ፣ አንድ ቀን ዓለም ያውቃችኋል» ብሎ መተርጎም ቀላል ነው። እንዲህ ያለ ስብከት ብዙ ጊዜ እንሰማለን። እኔ ግን አንድ ጥያቄ ልጠይቃችሁ። ያ ካሴት ባሕር ዳር ላይ ባይገኝስ ኖሮ? በታክሲው ውስጥ የነበሩት የ15 ዓመታት ልምምድ ከንቱ ይሆን ነበር?

«አዎ» ካላችሁ፣ የሥራ ዋጋ የሚመዘነው በሚሰማው ሰው ብዛት ነው ማለታችሁ ነው። እንዲህ ከሆነ ማሰሪያቸው ውስጥ ሆነው የዘመሩ አባቶቻችን ዝማሬ፣ ጳውሎስና ሲላስ በእኩለ ሌሊት ያቀረቡት ምስጋና፣ ዳዊት በበጎቹ መካከል የደረደረው በገና ሁሉ ዋጋ የለውም ማለት ነው። ጌታችን ግን በስውር የሚያይ አባት እንዳለን አስተምሮናል (ማቴዎስ 6)። አቶ ኃይሉ ያለ ተመልካች ለሙያቸው ይህን ያህል ከታመኑ፣ ተመልካች እንዳለን የምናምን እኛ ምን ያህል እንታመን?

ይህን የምጽፈው በምክንያት ነው። ከመካከላችን ስንቶች ወደ ዓረብ አገር ሄደዋል? ትናንት በመዘምራን መካከል ቆማ የነበረች እኅታችን ዛሬ በሰው ቤት ወጥ ቤት ውስጥ ናት። ትናንት ኪቦርድ ይጫወት የነበረ ወንድማችን ዛሬ ባጃጅ ይነዳል፤ ወይም ግንባታ ላይ ብሎኬት ይሸከማል። ብዙዎቹ «ጸጋዬ አበቃ» ይላሉ። ሐዋርያው ጳውሎስ ድንኳን እየሰፋ ይሠራ እንደነበር እናነባለን (የሐዋርያት ሥራ 18)፤ ድንኳን መስፋቱ ሐዋርያነቱን አልቀነሰውም። ታክሲ መንዳትም ኪቦርዲስትነትን አልፋቀም። በእጅ ሠርቶ ማደር ክብር ነው፤ የተሰጠንን ጸጋ በምድር ውስጥ መቅበር ግን ሌላ ነገር ነው (ማቴዎስ 25)።

እዚሁ ለቀራችሁትም ቃል አለኝ። መብራት ጠፍቶ ኪቦርዱ ዝም ባለበት እሁድ፣ ሰው በማይመጣበት የልምምድ ቀን፣ ስማችሁ ሳይጠራ በሚያልቅ ጉባኤ፣ ያኔ የምትለማመዱት ለማን እንደሆነ ይታወቃል። በቀን ግማሽ ሰዓት አንድ ቅኝት ያዙ፤ ከዶ ብቻ ሳይሆን ከሌሎቹም ድምፆች ተነሥታችሁ ተጫወቱት። የሰፈራችሁን ሽማግሌዎችና እናቶች ዜማ ስሙና በስልካችሁ ቅዱት። የሄዱትንም አስታውሱ፤ ደውላችሁ «መዝሙሩ እንዴት ነበር? አስተምሪን» በሏት። በሩቅ አገር ወጥ ቤት ውስጥ ሆና ስትዘምር ጸጋዋ እንዳላበቃ ታውቃለች።

ለቡድን ውይይት

1. ከማያምን ባለሙያ ሙያን መማርና አኗኗሩን መከተል የሚለያዩት የት ላይ ነው? ዘፍጥረት 4ንና 1ኛ ነገሥት 7ን አንብባችሁ ተወያዩ።

2. ካሴቱ ሳይገኝ ቢቀር ኖሮ ልምምዱ ከንቱ ይሆን ነበር ትላላችሁ? ለምን?

3. በቡድናችሁ ከሚዘመሩት መዝሙሮች በአምባሰል፣ በባቲና በትዝታ ቅኝት የሆኑትን ለዩ። ኪቦርዱ ሲያጅባቸው ዜማቸው ይጠበቃል ወይስ ይለወጣል?

4. ከቡድናችሁ ወደ ሌላ አገር ወይም ወደ ሌላ ሥራ የሄዱትን በስም ጻፉ። በዚህ ሳምንት ለማን ትደውላላችሁ?

በስውር የሚያይ አባታችን የእጆቻችሁን ሥራ ይባርክ። አሜን።