በሬና ገበሬን የተከተለ ካሜራ

ባለ 16 ሚሊ ሜትር ጥቁርና ነጭ የፊልም ጥቅልል
ለማሳያ የቀረበ እንጂ የ«ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» ፊልም ዋና ቅጂ አይደለም

ጠጋ ብለው ይመልከቱ። እያንዳንዷ ትንሽ መስኮት አንድ ፎቶግራፍ ናት፤ በሰከንድ 24ቱ ሲያልፉ ሥዕሉ ነፍስ ይዘራል። 400 ጫማ ጥቅልል 11 ደቂቃ ያህል ብቻ ስለሚቀርጽ ካሜራ ያዡ የሚያነሣውን አስቀድሞ መምረጥ ነበረበት።

የጎንደር ተወላጁ ኃይሌ ገሪማ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን የሠራው በእንዲህ ያለ ፊልም ነው። ቀረጻው የተካሄደው ዘውዳዊው ሥርዓት በፈረሰበት ዘመን፣ በአጭር ጊዜ ውስጥ፣ በአብዛኛው ሙያተኛ ባልሆኑ ተዋንያን ነበር። ካሜራውን የያዘው አሜሪካዊው ኤሊየት ዴቪስ ነው።

በፊልሙ ውስጥ ባለመሬቱ ከፍ ካለ ቦታ ወንበሩ ላይ ተቀምጦ ይጮኻል፤ ጭሰኞቹ ከታች ያርሳሉ። ካሜራው ብዙ ጊዜ ከሩቅ ሆኖ፣ ሳይቸኩል ይመለከታቸዋል። ለጎንደር ወረዳዎቹ ለጋይንት፣ ለስማዳና ለእስቴ ተመልካች ይህ ማብራሪያ አይሻም፤ ሞፈርና ቀንበሩን፣ የጅራፉንም ድምፅ ከልጅነቱ ያውቀዋል።

ፊልሙ 150 ደቂቃ ይረዝማል። በ1968 ዓ.ም (እ.ኤ.አ. 1976) በካን የፊልም ፌስቲቫል የተቺዎች ሳምንት ታየ፤ በሎካርኖ ፌስቲቫልም ተሸለመ።

ዴቪስ ከዚያ ወደ ሆሊውድ ዘልቆ «አውት ኦፍ ሳይት»ን (እ.ኤ.አ. 1998)፣ «ሰርቲን»ን (2003) እና «ትዋይላይት»ን (2008) ቀረጸ። ኃይሌ ደግሞ በዚያው 2008 በቬኒስ የዳኞች ልዩ ሽልማት ያገኘውን «ጤዛ»ን ሲሠራ፣ ካሜራውን ለጣሊያናዊው ማሪዮ ማሲኒ ሰጠ።