ጦርነት የማወጅ ሥልጣን በአሜሪካ፤ በኮንግሬስና በፕሬዚዳንቱ መካከል

በ1787 ዓ.ም. (በዚህ ጽሑፍ ዘመኑ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው) በፊላደልፊያ ተሰብስበው የአሜሪካን ሕገ መንግሥት ያረቀቁት ሰዎች ከእንግሊዝ ንጉሥ አገዛዝ የተላቀቁት በቅርቡ ነበርና፥ አገርን ወደ ጦርነት የማግባት ሥልጣን በአንድ ሰው እጅ እንዲሆን አልወደዱም። ስለዚህ ጦርነት የማወጅ፥ ሠራዊት የማቋቋምና ገንዘብ የመፍቀድ ሥልጣን ለኮንግሬስ፥ የሠራዊቱ ጠቅላይ አዛዥነት ደግሞ ለፕሬዚዳንቱ ተሰጠ።

በረቂቁ ላይ አስቀድሞ የሰፈረው ኮንግሬስ ጦርነት «ያደርጋል» የሚል ቃል ነበር። ማዲሰንና ጄሪ ግን «ያውጃል» ተብሎ እንዲለወጥ አሳሰቡ። ምክንያታቸውም ድንገተኛ ጥቃት በመጣ ጊዜ ፕሬዚዳንቱ ወዲያው ይመክት ዘንድ ነው። በኋላ ዘመን ብዙ ሠራዊት ያለፈው በዚህች ጠባብ በር ነው።

በ1846 ዓ.ም. ፕሬዚዳንት ፖልክ ሜክሲኮ የእኔ ነው ወደምትለው ወደ ሪዮ ግራንዴ ዳርቻ ጦር ላከ። ግጭት በተነሣ ጊዜም ኮንግሬስ ጦርነቱን ተቀበለ። በ1848 ዓ.ም. መጀመሪያ የእንደራሴዎች ምክር ቤት፥ ጦርነቱን ፕሬዚዳንቱ ያለ አስፈላጊ ምክንያትና ከሕገ መንግሥቱ ውጭ ጀመረው ሲል በ85 ድምፅ በ81 ላይ ወሰነ። ይህን ከደገፉት አንዱ አብርሃም ሊንከን ነበር። ይሁን እንጂ ጦርነቱ ያን ጊዜ ወደ ፍጻሜው ተቃርቧል። ይኸው ሊንከን ራሱ ፕሬዚዳንት ሆኖ በ1861 ዓ.ም. ኮንግሬስ ሳይሰበሰብ የደቡብን ወደቦች በባሕር ኃይል ከበበ፤ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱም በ1863 ዓ.ም. 5 ለ4 በሆነ ድምፅ አጸደቀለት።

ከ1942 ዓ.ም. ወዲህ ኮንግሬስ ጦርነት ዐውጆ አያውቅም። በ1950 ዓ.ም. ትሩማን የኮንግሬስን አዋጅ ሳይጠይቅ፥ በተባበሩት መንግሥታት ድርጅት ውሳኔ ተደግፎ ወደ ኮሪያ ጦር ላከ። ከ1951 ዓ.ም. ጀምሮ የኢትዮጵያ የቃኘው ሻለቃ የተሰለፈበት ያ ዘመቻ፥ በአሜሪካ ሕግ ዘንድ የታወጀ ጦርነት አልነበረም። በ1964 ዓ.ም. ደግሞ ኮንግሬስ የቶንኪን ባሕረ ሰላጤ ውሳኔ የተባለውን አጽድቆ ለጆንሰን በቬትናም ሰፊ ሥልጣን ሰጠ። በሕግ መወሰኛው ምክር ቤት የተቃወሙት 2 ሰዎች ብቻ ነበሩ። ውሳኔው በ1971 ዓ.ም. ቢሻርም ውጊያው አልቆመም።

በ1973 ዓ.ም. ኮንግሬስ ኒክሰን አልፈርምም ያለውን ሕግ በሁለት ሦስተኛ ድምፅ አጸና። በዚህ ሕግ መሠረት ፕሬዚዳንቱ ጦር ወደ ውጊያ ባስገባ በ48 ሰዓት ውስጥ ለኮንግሬስ ያስታውቃል፤ ፈቃድ ካላገኘም በ60 ቀን ውስጥ ውጊያውን ያቆማል፤ ለማስወጣት የሚያስፈልግ ከሆነ 30 ቀን ይጨመርለታል። ሆኖም በ2011 ዓ.ም. በሊቢያ ላይ የተደረገው ዘመቻ 60 ቀን ባለፈ ጊዜ፥ የፕሬዚዳንቱ አማካሪዎች ይህ በሕጉ የተባለው ውጊያ አይደለም ብለው ተከራከሩ።

በአንጻሩ በዚያው በ1973 ዓ.ም. ኮንግሬስ ገንዘብ በከለከለ ጊዜ፥ በካምቦዲያ ላይ የሚጣለው ቦምብ በኦገስት 15 ቀን ቆመ። እንግዲህ በቃል ትርጓሜ ሊታለፍ ያልቻለው የገንዘብ ሥልጣን ሆኖ ተገኝቷል። ነገር ግን ወታደሩ በጦር ሜዳ ሳለ ስንቁን መከልከል እርሱን እንደ መክዳት ስለሚቈጠር፥ እንደራሴዎቹ በዚህ ሥልጣን የሚሠሩት አልፎ አልፎ ነው። ፕሬዚዳንቱ ጦሩን አስቀድሞ ከላከ ምክር ቤቱ ሊመክር የሚቀመጠው ደም ከፈሰሰ በኋላ ነው፤ የፊላደልፊያ ሰዎች የፈሩትም ይህንኑ ነበር።