የፈረሰው ምስልና የቆየው ስም

የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ሥልጣንና የአደባባይ ገጽታ ሲነሣ ዘወትር የሚጠቀሰው መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን የታየው ፊልም ነው። ደርግ፣ እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ ስለ ወሎ ረሃብ ያዘጋጀውን፣ በጥቅምት 1966 ዓ.ም. በእንግሊዝ አገር የታየውን ዘገባ ወስዶ፣ በመካከሉ የቤተ መንግሥት ድግስና ንጉሠ ነገሥቱ ለውሾቻቸው ሥጋ ሲሰጡ የሚያሳዩ ትዕይንቶችን አስገባበት። በማግሥቱ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋናቸው ወረዱ።

እኔን የሚስበኝ የፊልሙ ስልት ነው። ድግሱ ብቻውን ሲታይ የክብር ምልክት ነበር፤ ከረሃብተኛው ፊት አጠገብ ሲቀመጥ ግን ክስ ሆነ። ትርጉሙን የገለበጠው ጉርብትናው ነው።

ይሁን እንጂ በ1957 ዓ.ም. የተጀመረው ቴሌቪዥን በዚያን ጊዜ በአመዛኙ የመዲናይቱ ነዋሪ መገልገያ ነበር። በጨርጨር፣ ማለትም በዛሬው ምዕራብ ሐረርጌ፣ በሂርና፣ በበዴሳና በገለምሶ የንጉሡን ገጽታ የገነባውም ሆነ ያፈረሰው ፊልም ነው ለማለት ያስቸግራል። እዚያ ሥልጣኑ የሚገኘው በቋንቋው ውስጥ ነበር።

ተፈሪ መኰንን ከ1902 ዓ.ም. ጀምሮ ሐረርጌን ገዙ። አልጋ ወራሽ ከሆኑ በኋላም ጨርጨር የአዲስ አስተዳደር አርአያ እንድትሆን ተመረጠች። አገረ ገዥ ሆነው ከተሾሙባት አንዱ፣ በመጀመሪያው የአማርኛ ተውኔት ደራሲነታቸውና በ1923ቱ ሕገ መንግሥት አርቃቂነታቸው የምናውቃቸው ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም ናቸው። ዋና ከተማይቱም አሰበ ተፈሪ ተባለች።

ስሙን እንደ ሰዋስው ተማሪ ብናየው ሙሉ ዐረፍተ ነገር ነው፤ ግስ አለው፣ ባለቤት አለው። ተሳቢ ግን የለውም፤ ተፈሪ ምን እንዳሰበ፣ ለማን እንዳሰበ አይናገርም። ወደ ገበያ የሚወርደው ገበሬ፣ ቡና ጫኙ ነጋዴ፣ ደብዳቤ ጻፊው ሁሉ ከተማይቱን በጠራ ቁጥር የንጉሡን አሳቢነት ይመሰክራል። ጭሮ የሚለው የኦሮምኛ ስም ደግሞ ከመዝገብ ውጭ ይሆናል።

ደርግ በንጉሠ ነገሥቱ ስም ይጠራ የነበረውን ዩኒቨርሲቲ ስም ወዲያው ለወጠ። አሰበ ተፈሪ ግን በደርግ ዘመንም አሰበ ተፈሪ ነበረች፤ ጭሮ መደበኛ ስሟ የሆነው ከዚያ ወዲህ ነው።

ከዚህ የምደርስበት ሐሳብ አጭር ነው። ለዓይን የተሠራን ምስል ሌላ ምስል በአንድ ሌሊት ሊያፈርሰው ይችላል። በአንደበት የተተከለ ስም ግን ተናጋሪው ሳያስበው ስለሚደጋግመው ከዙፋኑ ይልቅ ዕድሜ ያገኛል። ስለሆነም የነገሥታትን ገጽታ የሚመረምር ተማሪ ፊልሙን ከማየቱ ጋር የከተሞቹንም ስም እንደ ድርሰት ያንብብ።