በሕንድ ሕግ በመፍረስ ላይ ካለ ኩባንያ ንብረት ዕዳን ማስመለስ

በሕንድ አንድ ኩባንያ በኪሳራ ሲፈርስ ገንዘብ ጠያቂዎች ከንብረቱ የሚከፈሉት እ.ኤ.አ. በ2016 በወጣው የኪሳራ ሕግ መሠረት ነው። የሕጉ ዓላማ ቀድሞ የደረሰ ሁሉንም ጠቅልሎ እንዳይወስድ መከላከልና የቀረውን ሀብት በተራ ማከፋፈል ነው።

ከ2016 በፊት
ባንኮች በ1993 በወጣው ሕግ ለተቋቋሙት የዕዳ ማስመለሻ ትሪቡናሎች ይከሱ ነበር። በ2002 የወጣ ሌላ ሕግ ደግሞ መያዣ የያዘ ባንክ የ60 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ ንብረቱን ያለ ፍርድ ቤት እንዲሸጥ ፈቀደ። ኩባንያው በመፍረስ ላይ ሲሆን ግን በትሪቡናሉና ማፍረሱን በሚመራው የኩባንያ ፍርድ ቤት መካከል የሥልጣን ክርክር ይነሣ ነበር። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ2000 በአላሃባድ ባንክና በካናራ ባንክ ጉዳይ፣ ባንክ በትሪቡናሉ ለመክሰስ የኩባንያ ፍርድ ቤትን ፈቃድ መጠየቅ እንደማያስፈልገው ወሰነ።

የመያዣ ባለመብት ምርጫ
በ2016ቱ የኪሳራ ሕግ የብሔራዊ ኩባንያዎች ሕግ ትሪቡናል የመፍረስ ትእዛዝ ሲሰጥ ሂሳብ አጣሪ ይሾማል፤ በኩባንያው ላይ አዲስ ክስ ማቅረብም ይከለከላል። መያዣ ያለው ገንዘብ ጠያቂ ግን በአንቀጽ 52 መሠረት ሁለት መንገድ አለው፦ መያዣውን ለገንዘብ ጠያቂዎች ለሚከፋፈለው የጋራ ሀብት መልቀቅ ወይም ራሱ መሸጥ። ውሳኔውን በ30 ቀናት ውስጥ ካላሳወቀ ንብረቱ ከጋራው ሀብት እንደገባ ይቆጠራል። ራሱ የሚሸጥ ከሆነም የሂደቱን ወጪና ለሠራተኞች ሊደርስ የሚገባውን ድርሻ በ90 ቀናት ውስጥ ለአጣሪው መክፈል አለበት፤ ከዕዳው በላይ የተረፈውንም ይመልሳል።

የክፍያ ቅደም ተከተል
አንቀጽ 53 ስምንት ደረጃዎችን ይዘረዝራል፦
1. የኪሳራው ሂደትና የማጣራቱ ወጪ፤
2. የመጨረሻዎቹ 24 ወራት የላብ አደሮች ክፍያ እና፣ ከእርሱ እኩል፣ መያዣውን የለቀቀው ገንዘብ ጠያቂ፤
3. የሌሎች ሠራተኞች የ12 ወር ክፍያ፤
4. መያዣ የሌላቸው የፋይናንስ አበዳሪዎች፤
5. የሁለት ዓመት የመንግሥት ዕዳና መያዣውን ራሱ የሸጠው ሰው ያልተሟላለት ቀሪ፤
6. ሌሎች ዕዳዎች፤
7. የቅድሚያ መብት ያላቸው ባለአክሲዮኖች፤
8. ተራ ባለአክሲዮኖች።

የምርጫው ክብደት በአምስተኛው ደረጃ ላይ ይታያል። 100 ሚሊዮን ሩፒ ያበደረ ባንክ መያዣውን ራሱ ሸጦ 60 ሚሊዮን ቢያገኝ፣ ለቀሪው 40 ሚሊዮን የሚሰለፈው መያዣ ካልነበራቸው የፋይናንስ አበዳሪዎች ኋላ ነው። ከእነርሱ የሚተርፍ ከሌለ ምንም አያገኝም።

የሠራተኞች መብት
የፕሮቪደንት ፈንድ፣ የጡረታና የአገልግሎት ዘመን ክፍያ ገንዘብ ከጋራው ሀብት ውጭ ስለሆነ በዚህ ተራ አይከፋፈልም። የሞዘር ቤር ኩባንያ የሠራተኞች ማኅበር በኩባንያዎች ሕግ ያለው የሠራተኞች ቅድሚያ እንዲጸና ቢከራከርም፣ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በግንቦት 2023 አቤቱታውን ውድቅ አድርጎ የአንቀጽ 53ን ቅደም ተከተል አጽንቷል።